የአቶ ራንቾድ ቤት

ናራን መሞቱን የነገረኝ ሺፋ ነው። ቄራ ታክሲ ስጠብቅ አገኘኝና «ጋሽ ናራን አረፈኮ» አለኝ። ሺፋ ከናራን ቤት ፊት ለፊት ሱቅ ከፍቶ ሲኖር ጠጉሩ የሸበተ ሰው ነው፤ ያላየውን አያወራም። ከእኔ አፍ መጀመሪያ የወጣው ግን «ማን አየው?» የሚል ነበር።

«እኔ ነኛ ያየሁት።»

«በዓይንህ?»

«በምኔ ልየው ታዲያ? እኔና የሰፈሩ ሰው ተሸክመን መኪና ላይ አወጣነው። የራሱ ሰዎች ደግሞ እንደ ሥርዓታቸው አቃጠሉት። ደረሰኝ ላምጣልሽ?»

ቢያመጣልኝ አልጠላም ነበር። እንዲህ ነኝ፤ የሰው ሞት እንኳ ያለ ምስክር አልቀበልም። ጠርጥር ከገንፎ ውስጥ አለ ስንጥር ይባል የለ? እኔ ስንጥሩን ፍለጋ ገንፎውን ሳልበላ የቀረሁ ሰው ነኝ። ይህ ጠባይ የተጣባኝ በደርግ ጊዜ የቀበሌያችን የፍርድ ሸንጎ ጸሐፊ ሆኜ ስሠራ ነው። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሻለሁ፣ ጽሕፈቴም ይነበባል፤ «አንቺ ጻፊ» አሉኝ፣ ጻፍኩ። ቀኑን ሙሉ ሰው ሲዋሽ እየሰሙ መጻፍ እንጀራዬ ሆነ። ከሳሽም ይዋሻል፣ ተከሳሽም ይዋሻል፣ ምስክር ደግሞ ሁለቱንም ያስንቃል። ከዚያ ሁሉ ሰው መሀል አልዋሽ ብሎ ያስቸገረኝ አንድ ናራን ብቻ ነው። እሱን ደግሞ ከሁሉ አብልጬ ጠርጥሬዋለሁ።

ናራን ባንያን ነበር። ባንያን የምንላቸው ህንዶቹን ነው፤ አብዛኞቹ ጨርቅ ነጋዴዎች ነበሩ፣ እሱ ግን ልብስ ሰፊ ነው። ድሬዳዋ ተወልዶ ያደገ፣ ኢትዮጵያዊነቱን የያዘ ሰው ነበርና አማርኛውን እንደ እኛው ይናገራል። ማንበቡን ግን አያውቅበትም፤ ፊርማውንም በዚያ ክብ ክብ በሚለው ፊደላቸው ነው የሚያኖረው። ከብስራተ ገብርኤል ዝቅ ብሎ ባለው የግንብ ቤት በረንዳ ላይ መኪናውን ዘርግቶ የሰፈሩን ዩኒፎርምና ሱሪ ይሰፋል፤ የሚያድረው ከጓሮ ባለች አንዲት ክፍል ነው። ዋናው ቤት የባንያኖቹ ጸሎት ቤት ነበር። በበዓላቸው ቀን ሴቶቹ ያንን የሚያብረቀርቅ ልብሳቸውን ለብሰው ይመጣሉ፤ በሌላው ቀን ቁልፉ ከናራን ወገብ አይወርድም።

ቀጭን፣ ዝግ ያለ ሰው ነው። ሲለካ አይናገርም፣ ሲናገር ደግሞ አይሰፋም። «ጨርቅ አይዋሽም» ይል ነበር፣ «ሰው ነው ሲለኩት ሆዱን የሚያስገባው። እኔ እስኪተነፍስ እጠብቃለሁ።» እውነቱን ነው፤ ሜትሩን ወገብህ ላይ አድርጎ ዝም ብሎ ይቆማል። ሳትወድ ትተነፍሳለህ፣ ያኔ ይለካል።

እኔ ምኑን ጠረጠርኩ? ወተቱን። ለአንድ ሰው የማይሆን ወተት በየጠዋቱ ይወስዳል። ቀጥሎ ልብሱን። ሚስት የለው፣ ልጅ የለው፣ ግን ከደንበኛ የተረፈች ቁራጭ ቀይ ጨርቅ ባገኘ ቁጥር ክንድ የምታህል ልብስ ይሰፋል። አንድ ቀን ቀሚስ ላስጠብብ ሄጄ በዓይኔ አይቻለሁ፤ ሲያየኝ ከጉልበቱ ሥር ሸጎጣት። «የማን ናት?» ብለው «የሚበርደው አለ» ብሎኝ ወደ ቀሚሴ ተመለሰ። ውሽማ አለችው አልኩ። ቀጥሎ፣ የለም፣ ከሕፃን ጋር ሰው ደብቋል አልኩ። ያን ጊዜ ሰው ደብቀሃል መባል ምን እንደሚያስከትል ለአዋቂ አይነገርም። ለሸንጎው ግን ትንፍሽ አላልኩም፤ ክፉ ብሆንም እስከዚያ አልደርስም።

ነገሩን ያፈነዳው አቶ ጃምናዳስ ነው። ጃምናዳስ የባንያኖቹ ማኅበር ሊቀመንበር ነበር፤ ወፍራም፣ ሳቂታ፣ እጁን ደረቱ ላይ ሳያደርግ የማያናግርህ ጨርቅ ነጋዴ። ለሸንጎው ክስ ይዞ መጣ። ክሱ ባጭሩ፦ ቤቱን የሠሩት ልጅ ያልነበራቸው ሟች ነጋዴ ናቸው፤ ለእምነቱ ብለው ትተውታል፤ ሊያስተዳድረው የሚገባው የማኅበሩ ኮሚቴ ነው፤ ናራን ቅጥር አገልጋይ ሆኖ ሳለ ቁልፉን ይዞ ለኮሚቴው አልሰጥም ብሏል፤ ቤቱን ለራሱ ሊያደርገው ነው፤ ስለዚህ አስተዳዳሪነቴ ይረጋገጥልኝ፣ ናራንም ይውጣልኝ።

የሸንጎው ሰብሳቢ ጓድ በቀለ ነበር። ከዚያ በፊት የት ይሠራ እንደነበር የሚያውቅ የለም፣ የሚጠይቅም አልነበረም። «እስቲ የቤቱን ፎርም አምጪ» አለኝ። የትርፍ ቤት አዋጅ ሲወጣ ሰው ሁሉ ቤቱን ያስመዘገበበት ፎርም ነው። አውጥቼ አነበብኩ። ናራን በሌላ ጸሐፊ አስሞልቶታል፦ የባለቤቱ ስም፣ ራንቾድ። የሚኖርበት፣ እዚሁ ቤት። ሥራ፣ የለውም። ዕድሜ፣ አይታወቅም።

በቀለ ብድግ አለ። «ራንቾድ ማነው?»

ናራን «ጌታዬ ነው» አለ።

«ጌታዬ! ሰማችሁ? በዚህ ዘመን ጌታዬ! የት ነው ያለው?»

«እቤት ነዋ።»

እኔ በዚያች ቅጽበት የወተቱም የልብሱም ነገር በራልኝ፤ የደበቀው ሰው ይኸው ነው አልኩ። ወደ ጃምናዳስ ዞር አልኩ። ራንቾድ ማን እንደሆነ እሱ አሳምሮ ያውቃል፤ አንድ ቃል ቢተነፍስ ነገሩ እዚያው ያበቃል። እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ዝም አለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ እሱንም ጠረጠርኩት።

ወዲያው ጠመንጃ የያዙ ሁለት የአብዮት ጥበቃዎች፣ በቀለና እኔ ወደ ቤቱ ሄድን። ከቀኑ ስምንት ሰዓት ገደማ ነው። ናራን የውጭውን በር ከፈተልን፤ የውስጠኛው ክፍል በር ላይ ስንደርስ ግን ፊታችን ቆመ።

«ራንቾድን አውጣ» አለው በቀለ።

«አሁን አይሆንም። ተኝቷል።»

«ምን?»

«ምሳውን በልቶ ተኝቷል። አሥር ሰዓት ላይ እቀሰቅሰዋለሁ። እስከዚያ ዓለም ቢገለበጥ አይከፈትም።»

አንደኛው ጥበቃ መሣሪያውን አቀባበለ። ናራን ድምፁን ዝቅ አድርጎ «እባክህ እንዳትቀሰቅሰው» አለው። ሰውየው እየቀለደ አልነበረም፣ እየፈራም አልነበረም፤ ሕፃን ያስተኛች እናት እንግዳ ስትቆጣ እንደምትሆነው ነው የሆነው። በቀለ በሩን ለምን እንዳልሰበረው እስከ ዛሬ አይገባኝም። ምናልባት ከውስጥ ተኩስ ይመጣል ብሎ ፈርቶ ይሆናል። ብቻ ለጥበቃዎቹ «ጓሮውን ክበቡ» አለና በረንዳው ላይ ተቀመጠ። ከሺፋ ሱቅ ሁለት ለስላሳ አስመጥቶ ጠጣ። አራት የመንግሥት ሰዎች አቶ ራንቾድ እስኪነሳ ሁለት ሰዓት ያህል ጠበቅን። ናራንም መኪናው ላይ ተቀምጦ የሰው ሱሪ ይሰፋ ነበር።

አሥር ሰዓት ሲሆን ተነሳ፣ እጁን ታጠበ፣ በሩን በጣቱ ቀስ ብሎ አንኳኳና ገባ። ትንሽዬ ደወል ሲመታ ሰማን። መጋረጃው ሲገለጥ ከውስጥ ክንድ የሚያህል ጥቁር የድንጋይ ምስል መንበሩ ላይ ቆሟል። ያቺን ናራን ከጉልበቱ ሥር የሸጎጣትን ቀይ ካፖርት ለብሷል። ካፖርቷ እጅጌ አላት፣ ኪስ አላት፣ አንገቷ ላይ ሁለት የዕንቁ መሰል አዝራር ተተክሎባታል። ጊዜው ሐምሌ ነበር።

«ይኸው ራንቾድ» አለ ናራን። «የእኛ አምላክ ነው። የቤቱ ባለቤት እሱ ነው፤ ቤቱን የሠሩት ሽማግሌ በወረቀት ሰጥተውታል። ከእሳቸው በኋላ የሚመጣው ሁሉ አገልጋይ ነው እንጂ ባለቤት አይደለም ብለዋል። እኔ አገልጋዩ ነኝ።»

አንደኛው ጥበቃ ኮፍያውን አወለቀ። በቀለ ሲያፈጥበት መልሶ አደረገው።

ኋላ ጃምናዳስ ራሱ እንዳብራራልን ይህ በእነሱ ዘንድ ቀልድ አይደለም። በአባቶቻቸው አገር አምላክ ቤትና መሬት ይኖረዋል፣ በስሙ ይከሳል፣ ይከሰሳል፤ ሰዎቹ የሚሟገቱት ማን ያገልግለው፣ ማን ያስተዳድርለት በሚለው ላይ ነው አሉ። ጃምናዳስ ይህን ሁሉ የነገረን ሁለት ሰዓት ድንጋይ ስንጠብቅ ከዋልን በኋላ ነው።

በቀለ ያን ቀን ያፈረውን ዕፍረት በቤቱ ሊወጣው ቆረጠ። ለሸንጎው የሰጠው ሐሳብ ግልጽ ነበር፤ ድንጋይ ሰው አይደለም፣ ስለዚህ ቤቱ ባለቤት የለውም፣ ባለቤት የሌለው ቤት የመንግሥት ነው፣ ለቀበሌው መሰብሰቢያ አዳራሽ ይሁን። የገረመኝ ጃምናዳስ አለመቃወሙ ነው። እንዲያውም «አስተዳዳሪነቴ ይረጋገጥልኝ እንጂ፣ እኔ ፈርሜ አስረክባለሁ» አለ። ዘመድ አዝማዱን ወደ ውጭ አሻግሮ እሱ ቀርቶ ነበር፤ ከአገር ለመውጣት ደግሞ የቀበሌ ክሊራንስ ያስፈልገዋል። የተነጋገሩትን በጆሮዬ አልሰማሁም። ከበቀለ ቢሮ እየሳቀ ሲወጣ ግን ሦስት ቀን አይቼዋለሁ።

ናራንን ሊያድነው የሚችል አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ አዋጁ ለአንድ ሰው አንድ መኖሪያ ቤት ይፈቅዳል። ናራን ሌላ ቤት የለውም፣ ዜጋ ነው፣ እዚያው ይኖራል። «የኔ ነው» ካለ አለቀ። ከክርክሩ ቀን በፊት ቀሚስ ይዤ ሄድኩ፤ ቀሚሱ ጠቦኝም ሰፍቶኝም አልነበረም።

«ጋሽ ናራን፣ ነገ ቤቱ የማን ነው ሲሉህ የኔ ነው በል።»

መኪናውን አቆመ። «የጌታዬን ቤት?»

«ካላልክ ያወጡታል። ጌታህን ከነካፖርቱ ሜዳ ላይ ነው የሚጥሉት።»

«ታደለች፣ ጃምናዳስ የከሰሰኝ ምን ብሎ ነው? ቤቱን ለራሱ ሊያደርግ ነው፣ ሌባ ነው ብሎ አይደል?»

«ነው።»

«አንቺ ደግሞ እውነት አድርገው እያልሽኝ ነው።»

ተናደድኩ። ቀሚሴን ጠቅልዬ «እንግዲያው የራስህ ጉዳይ» ብዬ ወጣሁ። መንገድ ላይ ግን ያቺ ካፖርት ከፊቴ አልሄድ አለችኝ። ኪስ ምን ያደርግለታል? ድንጋይ እጁን ኪሱ አይከት። ሰው ሳያየው፣ ሳይከፈለው፣ ለማን ብሎ ነው ያን ያህል የተጠበበው? በሕይወቴ ስንጥር ፈልጌ ያጣሁት ያኔ ነው፣ ይኸም አናደደኝ።

በማግስቱ በቀለ ጠየቀው። «አንተ የዚህ ቤት ባለቤት ነህ፣ አይደለህም?»

ናራን ቆሞ መለሰ። «እኔ አገልጋዩ ነኝ። ጠዋት እቀሰቅሰዋለሁ፣ አበላዋለሁ፣ አለብሰዋለሁ። ባለቤቱን አይታችሁታል።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ ጻፍኩ። የጻፍኩት ግን «የቤቱ ባለቤት እኔ ነኝ፤ የምኖረውም በዚሁ ነው፤ ሌላ ቤት የለኝም» የሚል ነው። ቃል ለሰጪው መነበብ አለበት፤ ተነስቼ አነበብኩለት፣ ወረቀቱን እያየሁ፣ በአፉ ያለውን። «አገልጋዩ ነኝ፣ ባለቤቱን አይታችሁታል» ብዬ አነበብኩ። ናራን በክብ ፊደሉ ፈረመ። በቀለም ፈረመ፣ ሁለቱ ዳኞችም ፈረሙ። በቀለ የተጻፈ ነገር ማንበብ የጸሐፊ ሥራ ነው ባይ ነበር፤ እኔ ሸንጎው ውስጥ በሠራሁበት ዘመን አንድም መዝገብ ሲያነብ አላየሁትም።  

ሸንጎው እንደታሰበው ፈረደ፤ ቤቱ ለቀበሌው፣ ርክክቡ በጃምናዳስ። ይግባኙን እኔው ጽፌ በሺፋ በኩል ለናራን ላክሁለት፣ ፈረመበት። ይግባኝ ሰሚዎቹ ሰው አይጠሩም ነበር፣ መዝገብ ያያሉ። መዝገቡ ደግሞ አፍ አውጥቶ ይናገራል፦ ሰውየው ባለቤት ነኝ ብሏል፣ ሌላ ቤት የለውም፣ የአዋጁ ዓላማም ይኸው ነው። ሻሩት። ቤቱ በናራን ስም ይጽና አሉ። በቀለ መዝገቡን አስመጥቶ ለመጀመሪያ ጊዜ አነበበና ወደ እኔ ቀና አለ። እኔም ጣቴን ከታች ፊርማው ላይ አሳረፍኩ። ሳያነብ መፈረሙን ካልተናገረ እኔን መንካት አይችልም። ይህን ሁለታችንም አወቅን። ከዚያ በኋላ አንድ ዓመት ሙሉ ኮቴ በሰማሁ ቁጥር ሊወስዱኝ መጡ እያልኩ ነው የኖርኩት።

አሸነፍን ብዬ ነበር። ጃምናዳስ ግን የመዝገቡን ግልባጭ አወጣና በበዓላቸው ቀን ሕዝባቸው በተሰበሰበበት ተረጎመላቸው። ናራን «ባለቤቱ እኔ ነኝ» ማለቱን፣ የፈረመበትን ፊርማ ሳይቀር አሳያቸው።

በማግስቱ ናራን ወደ ቢሮዬ መጣ። ግልባጩን ይዟል። ጠረጴዛዬ ላይ ዘርግቶ በጣቱ መስመሩን አሳየኝ፤ ማንበብ ባይችልም የት ቦታ እንደሆነ አሳይተውታል።

«ልጄ፣ እኔ እንዲህ ብያለሁ?»

የበቀለ በር ገርበብ ብሎ ነበር። ከኋላው ሰው ይኑር አይኑር አላውቅም። ሰው አለ ብዬ ነው የማስበው፤ እኔ ምን ጊዜም ሰው አለ ብዬ ነው የማስበው።

«አዎ፣ ብለሃል» አልኩት።

ብዙ ጊዜ አየኝ። ሜትሩን ይዞ ሰው እስኪተነፍስ እንደሚጠብቀው ነበር የጠበቀኝ። እኔ አልተነፈስኩም።

«ካልሽስ ብያለሁ ማለት ነው» አለ። ወረቀቱን አጠፈ። «የሰረቀ እጅ እሱን አይነካም። ከነገ ጀምሮ ማን ይቀሰቅሰው ይሆን?»

ቁልፉን ካንታ ለምትባል የማኅበሩ ባልቴት ሰጠ። ከዚያ ቀን ወዲህ ያንን የውስጥ ደፍ አልረገጠም። ወተቱን ያመጣል፣ በር ላይ ያስቀምጣል። ካፖርቶቹን ይሰፋል፣ በመጋረጃ ሥር ያቀብላል። በቀን ሁለት ጊዜ፣ ደወሉ ሲሰማ፣ በረንዳው ላይ ቆሞ እጁን አጣምሮ የተዘጋውን በር ያያል። ወገኖቹ በፊቱ እያለፉ ገብተው ይወጣሉ፤ ሰላም የሚለው የለም። ጃምናዳስ በዓመቱ ገደማ ወጣ፣ በቀለም ወደ ሌላ ተዛወረ። ናራን እዚያው በረንዳ ላይ ሆኖ አረጀ።

እኔስ? ቢዋሽ ይሻለው ነበር እያልኩ ጠላሁት። ቀጥሎ ደግሞ ያደረግሁትን ሳያውቅ ቀርቶ ይሆን? እያልኩ ጠረጠርኩት። አንድ ጊዜ ሺፋ፣ ናራን ኑዛዜ ሲያስጽፍ ምስክር እንደነበረ ነገረኝ። ቤቱን ለካንታ ነው የተናዘዘው። ጸሐፊው «ቤቴን» ብሎ ሲጽፍ ናራን አስፍቆ «በስሜ ያለውን ቤት» አስባለው አለኝ። ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። በማግስቱ ሄድኩ።

«ጋሽ ናራን» አልኩት፣ «ያን ቀን ሸንጎ ላይ የሰጠኸውን ቃል…»

እጁን አነሳ። «ተዪው።»

«ልንገርህ። ስንት ዓመት ሙሉ…»

«አትንገሪኝ።» ዓይኑን ከመርፌው አልነቀለም። «በቀለ ሄዷል። ነገ ሌላ በቀለ ይመጣና ቤቱ የማን ነው ይለኛል። አሁን ወረቀቱ እንዲህ ይላል እላለሁ፤ ከወረቀቱ ሌላ የማውቀው የለም። ከነገርሽኝ ግን አውቃለሁ። ካወቅሁ እናገራለሁ። ከተናገርኩ እሱን ያወጡታል።»

«አንተስ? ሌባ ሲሉህ ልትኖር ነው?»

«እኔ አገልጋይ ነኝ» አለኝ። «አገልጋይ ብዙ ነገር ይባላል።»

እሱ እስኪሞት ድረስ ዝም አልኩ። አሁን ሞቷል፣ ሺፋ በዓይኑ አይቶታል፣ ቤቱም በካንታ ስም ዞሯል፤ ከእንግዲህ ማንም ናራንን አይጠይቀውም። ስለዚህ በዚያ በረንዳ እያለፋችሁ ሰላም ያላላችሁት ሁሉ ስሙኝ። ናራን ቤቱ የኔ ነው አላለም። የጻፍኩት እኔ ነኝ።